የበርበሬው ማሳ ለክንዱ ይሁን

እኔ ወይዘሮ አደይ ተስፋው፣ የቡሬ ዙሪያ ነዋሪ፣ ከሁሉ አስቀድሜ አውራ ዶሮዬ ከጥቅምት ወዲህ መጮኽ ማቆሙን ለሚመለከተው ሁሉ በከፍተኛ ኀዘን አስታውቃለሁ። የወንድሜ ልጅ የክንዱ ጠጠር መፍጫ ገና ሳይነጋ ስለሚያጓራ፣ ዶሮው በቦታው ሌላ የተቀጠረ መስሎታል።

እኔ ግን አእምሮዬ ሙሉ ነው። የደከመው ጉልበቴ እንጂ አፌ አይደለም፤ ለዚህም የነፍስ አባቴ መምሬ ክንፈሚካኤል ምስክር ናቸው። ዛሬ ታኅሣሥ 14 ቀን 2018 ዓ.ም. ማንም ሳያስገድደኝ፣ በምስክሮች ፊት፣ ጎረቤቴ አንዷለም እየጻፈ እንዲህ ተናዝዣለሁ።

አንደኛ፤ ቤቴና ጓሮው ለልጄ ለውዳሴ ይሁን። ከደምበጫ እኔን ለማየት በየሳምንቱ አውቶቡስ የምትጋፋው እሷ ናት። ወንድሟ ናሁሰናይ በሬዎቹን ይውሰድ። በደወለ ቁጥር አስቀድሞ የሚጠይቀኝ የእነሱን ጤና ነው፤ የሚዋደዱትን አልለያይም።

ሁለተኛ፤ ክሱ። ክንዱ የአካባቢ ጥበቃ ፈቃድ ሳያወጣ ከማሳዬ ራስጌ ድንጋይ መፍጨት ከጀመረ ወዲህ በርበሬዬ በቁሙ ይነጣል። የቡሬው ነጋዴ አብዱሰመድ «እናቴ፣ የሚሸጡልኝ በርበሬ ነው ኖራ?» ብሎ መልሶኛል። ክንዱ ግን ፍኖተ ሰላም ችሎት ፊት ቆሞ «አቧራው ማሳዋ አይደርስም» አለ። ሽማግሌ በላከ ቁጥር እታረቀዋለሁ፤ ጉልበቴን ይስማል፣ እመርቀዋለሁ። ክሱን ግን አላነሣሁም። «ታርቀው የለም ወይ?» ይሉኛል። የታረቅሁት ከክንዱ ነው፤ አቧራው መቼ ይቅርታ ጠየቀኝ?

ብሞት ክሱ አብሮኝ አይቀበር፤ የመንደሩ በርበሬ ሁሉ ነጥቶ ይቀራል። ሕጉ አካባቢን የሚበክለውን ማንም ሰው መክሰስ ይችላል ስለሚል፣ ውዳሴ በስሟ ትቀጥል። ፈቃድ አውጥቶ አቧራውን ካስታገሰ ግን ትመርቀው እንጂ አታሳድደው።

ሦስተኛ፤ የበርበሬው ማሳ ለክንዱ ይሁን። ያሳደግሁት ልጅ ነው፤ አክስቱ ባዶ እጁን ሰደደችው አይባል። ደግሞም አቧራ የማይደርስበት ማሳ መሆኑን በፍርድ ቤት የተናገረለት እሱ ራሱ ነው።

ይህ ሁሉ ጮክ ተብሎ ሲነበብ፣ ለዕርቅ መጥቶ በር ላይ ተቀምጦ የነበረው ክንዱ ብድግ አለ።

«አክስቴ፣ ይማሩኝ። ሌላ ነገር ይስጡኝ።»

«ማሳው ምን ጎደለው?»

«አቧራ የጠጣ መሬት ምን ያደርግልኛል? በርበሬው እኮ ሳይለቀም ይነጣል።»

መምሬ ሳቃቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ።

«አንዷለም፣ ቃሉን ሳታሳምር ጻፈው» አልሁ።

ክንዱ የተናገረው ለራሱ ጆሮ የደረሰው ያኔ ነው። «በቃ፣ ፈቃዱ እስኪወጣ መፍጫውን አቆማለሁ» አለ።

«ይኼንንም ጻፈው።»

ተናዛዥ፦ አደይ ተስፋው (የጣት አሻራ)
ምስክሮች፦ መምሬ ክንፈሚካኤል ይሄይስ፣ አብዱሰመድ ጁማ፣ አሸናፊ ገነነ፣ ያምሮት አሸናፊ
ጸሐፊ፦ አንዷለም

ማረሚያ፦ በሁለተኛው ክፍል «አቧራው ማሳዋ አይደርስም» ተብሎ የሰፈረው፣ በተናጋሪው በራሱ ቃል «ይደርሳል» ተብሎ እንዲነበብ ታርሟል። ክንዱም እርማቱ ላይ ፈርሟል።