ከኮርኒሱ በላይ ስለሚያንኳኳው የውሃ ቧንቧ፣ ለክቡር አምባሳደራችን የተጻፈ

ለክቡር አምባሳደራችን፣
ሳሎን ውስጥም ይሁኑ መኪና ውስጥ፣ በያሉበት

ክቡርነትዎ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ከወገቤ ጎንበስ ብዬ የከበረ ሰላምታዬን አቀርባለሁ። ጤናዎ እንዴት ነው? የደም ግፊትዎስ? ከጠዋት እስከ ማታ በፈገግታ የሚውሉት ጉንጮችዎ አልዛሉም? ክብርት ባለቤትዎ፣ ልጆችዎ፣ ባንዲራ የምታውለበልበው ጥቁሯ መኪናዎ፣ ሁሉም ደህና ናቸው? የእናትዎን ጤና ግን አልጠይቅዎትም፤ እሱን ከእርስዎ ይልቅ እኔ ስለማውቀው ነው። እኔ አትክልተኛዎ እስከዚህች ደቂቃ ድረስ በጣም ደህና ነኝ፤ ይህ ደብዳቤ ከተነበበ በኋላ ስለሚኖረኝ ደህንነት ግን ከወዲሁ መናገር አልደፍርም።

ይህን ደብዳቤ የጻፍኩት እኔው በገዛ እጄ ነኝ። እስከ አምና ድረስ በአውራ ጣቴ የምፈርም ሰው እንደነበርኩ ያውቃሉ፤ ዘንድሮ ግን እዚህ ባለን የአገር ልጆች ማኅበር አዳራሽ በሚሰጠው የማታ ትምህርት ከክፍሌ አንደኛ ነኝ፣ መምህራችን እስካሁን በአፋቸው ባይናገሩትም ከፊታቸው ያስታውቃል። ያንን ትምህርት ሪባን ቆርጠው የከፈቱት ደግሞ ክቡርነትዎ ነዎት። በሰሃን የቀረበልዎት ትንሹ መቀስ አልቆርጥ ብሎ ፎቶ አንሺው ሲሰለች፣ ሮጬ የአጥር መከርከሚያዬን ያመጣሁልዎት እኔ እንደሆንኩ ባይረሱት ደስ ይለኛል፤ ሪባኑን ከነግማሽ መጋረጃው ሸልተው ሲያበቁ «ወገኖቼ፣ ብዕር አንሱ፤ ዓይናችሁ ያየውን ሳትፈሩ ጻፉ» አሉን። እነሆ ብዕር አንስቼ ዓይኔ ያየውን ጽፌያለሁ። ስለዚህ የዚህ ደብዳቤ አባት እርስዎ ነዎት፣ እኔ አዋላጅ ብቻ ነኝ። እዚያው በከፈቱት አዳራሽ በር ላይ የምለጥፈውም ልጅዎ ምን ያህል እንዳደገ ወገን ሁሉ እንዲያይልዎት ብዬ ነው።

መምህራችን አቤቱታ በቁጥር ሲከፋፈል ለባለሥልጣን ዓይን ይመቻል ብለውናልና እንደሚከተለው ከፋፍያለሁ።

አንደኛ፦ እናትዎን ከአገር ቤት አስመጥተው ከእርስዎ ጋር በማኖርዎ ከልብ አመሰግናለሁ። ወሬው በሰፈራችሁ ገና አልበረደም አሉ፤ «ልጅ ማለት እንደሱ ነው፣ እናቱን በአውሮፕላን አንቀባሮ ወሰዳቸው» እየተባለ የጎረቤቱ ልጅ ሁሉ በእርስዎ ምክንያት ይወቀሳል። እማማም እንደመጡ ሰሞን በተደረገው ግብዣ ላይ፣ ጥሪ ሳይጠብቁ፣ የቤቱ እናት ናቸውና ደረጃውን ይዘው ወረዱ። እርስዎ ከአንድ ጎምቱ ሚኒስትር ጋር ቆመው ስለ ዓለም ሰላም እያወሩ ነበር። እማማ ቀጥ ብለው መጡና፣ ጣታቸውን ምራቅ አስነክተው የከንፈርዎን ጠርዝ ጠረጉልዎት፤ «ማሙሽ፣ ዛሬም ከውስጥ ሹራብ አልለበስክም? ይበርድሃል ብዬህ አልነበር!» አሉዎት። ሚኒስትሩ እስኪበቃቸው ሳቁ፣ ባለቤታቸውም እጃቸውን ዘርግተው እማማን ሊያቅፉ ተጠጉ። ከዚያ ሁሉ እንግዳ መካከል የተቀየመ አንድ ሰው ቢኖር ማሙሽ ብቻ ናቸው። ይቅርታ፣ ክቡርነትዎ ማለቴ ነው፤ ብዕሬ ገና ለጋ ስለሆነ እየተንሸራተተ ያስቸግረኛል።

ከዚያች ቀን ወዲህ እንግዳ በመጣ ቁጥር እማማ «ዕረፍት እንዲያደርጉ» ተብለው ላይ ፎቅ ይወጣሉ፣ በሩም እንዳይበርዳቸው ተብሎ ይዘጋባቸዋል። አገር ቤት እናቱን ወሰደ ተብለው ተመሰገኑ፣ እዚህ ደግሞ እናትዎ እንዳይታዩ አድርገው ተከበሩ። እኔ ከአንድ የጽጌረዳ ግንድ ሁለት ዓይነት አበባ ላወጣ ስታገል ዕድሜዬን ፈጀሁ፤ እርስዎ ግን ከአንዲት እናት ሁለት ክብር አወጡ። እጅዎ ይባረክ እላለሁ።

ሁለተኛ፦ ስለ ልጆችዎ ነው፤ ይደጉልዎት። በየተዛወራችሁበት አገር እየተወለዱ፣ ትልቁ በአንዱ አገር ቋንቋ ይኮራል፣ መካከለኛዋ በሌላው ታኮርፋለች፣ ትንሿ በዚህኛው ትስቃለች። ከአያታቸው ጋር የሚያገናኛቸው ቋንቋ ግን በሻንጣ ስላልተጫነ፣ አስተርጓሚው እኔ ሆኛለሁ። እማማ የትንሿን ፀጉር ሲያበጥሩ «እደጊልኝ፣ የእኔ እናት» ይሏታል፤ ልጅቱም በመስኮት ብቅ ብላ «ምን አሉኝ?» ብላ ትጮህብኛለች። እኔም ውሃ ማጠጫ ጎማዬን እንደያዝኩ «እናቴ ነሽ አሉሽ» እላታለሁ። «እኔ እንዴት የእሳቸው እናት እሆናለሁ?» ብላ ስትጠይቀኝ ግን፣ ይህን ማስረዳት የአምባሳደር እንጂ የአትክልተኛ ሥራ አይደለም ብዬ ለእርስዎ አሳድሬልዎታለሁ። ልጅቱ እስካሁን እየጠበቀች ነው።

በክብርት ባለቤትዎ ላይ ክፉ የለኝም። አገራቸው ሳሉ ነርስ ነበሩ አሉ፤ ዛሬ የሰው ትኩሳት መለካት ቀርቶባቸው የወንበርና የወንበር ርቀት ይለካሉ። መጋረጃ ሰቅለው ሳይጨርሱ ዝውውር ይመጣል፤ ካርቶኖቹም ሆዳቸው ሳይፈታ ከአገር አገር ይዞራሉ። አልጋው የመንግሥት፣ ሶፋው የመንግሥት፣ ማንኪያው ሳይቀር ቁጥር የተለጠፈበት የመንግሥት ነው። በዚያ ሰፊ ቤት ውስጥ ቁጥር ያልተለጠፈባቸው፣ የራስዎ ብቻ የሆኑ እናትዎ ናቸው፤ እርስዎም እሳቸውን መርጠው ነው የደበቁት።

ሦስተኛ፦ አሁን ወደ ወንበሩ እንምጣ። በቅርቡ ባደረጉት ግብዣ እራት ሊቀርብ ጥቂት ሲቀረው፣ አንድ የሌላ አገር አምባሳደር ሆዴን አመመኝ ብለው ቀሩና በጠረጴዛው መካከል አንድ ወንበር ባዶ ሆነ። የፕሮቶኮል ሹሙን፣ እኛ ሠራተኞች በፍቅር «አቶ ቅደም ተከተል» የምንላቸውን፣ ላብ አጠመቃቸው፤ ባዶ ወንበር አጠገብ የተቀመጠ እንግዳ እንደተሰደበ ይቆጥረዋል አሉ። ሰው ይፈለግ ተባለ፣ ሰው ጠፋ። ክብርት ባለቤትዎ በጭንቀት በመስኮት ወደ ግቢው ሲመለከቱ ዓይናቸው ያረፈው እኔ ላይ ነው፤ ቁመናዬ መቼም ከሩቅ ይጣራል። ወዲያው ታጥቤ፣ ተላጭቼ፣ የእርስዎን ኮት ለብሼ «የእርሻ ባለሀብት» ሆንኩ። ጫማዎ እግሬን አላስገባ ስላለ ግን የአትክልት ቦት ጫማዬን እንዳደረግሁ ቀረብኩ፤ ከጠረጴዛው በላይ ባለሀብት፣ ከጠረጴዛው በታች አትክልተኛ። እርስዎም በጆሮዬ «አንተ፣ ምንም ብትጠየቅ ‹በጣም ደስ የሚል ነው› በል፣ ከዚያ ውጪ ትንፍሽ እንዳትል!» ብለው አስጠነቀቁኝ።

በዚያች በአንዲት ዓረፍተ ነገር ማታውን ሁሉ ተወጣሁት፤ ይህን ማንም ሊክደኝ አይችልም። ስለ አየሩ ሲጠይቁኝ በጣም ደስ የሚል ነው። ስለ ንግዴ ሲጠይቁኝ በጣም ደስ የሚል ነው። በቀኜ የነበሩት ሽማግሌ ጥርሳቸውን ያለ ማደንዘዣ እንዴት እንደነቀሏቸው ሲተርኩልኝም ሳልደናገር እዚያው ላይ ጸናሁ፤ ትንሽ ቅር ብሏቸው ዞሩ እንጂ።

ከዚያ ብርጭቆዎን አንስተው ንግግር አደረጉ። ንግግሩ ስለ እናት ነበር፤ «እኔን እዚህ ያደረሰችኝ እናቴ ናት፤ ዛሬ ማዕዷን የማይናፍቅ ልጅ የለም» ሲሉ ሴቶቹ ዓይናቸውን በናፕኪን አበሱ። ይህኔ ከኮርኒሱ በላይ ኳ፣ ኳ፣ ኳ አለ። ሁሉም ቀና አሉ። እንደገና ኳ፣ ኳ፣ ኳ። እርስዎ ግን፣ ለካ ዲፕሎማት የሚባለው ይኼ ነው፣ ቅንጣት ሳይደነግጡ «አሮጌ ቤት ነው፤ የውሃ ቧንቧ ነው» አሉ። በግራዬ የተቀመጡት ሴትዮ ወደ እኔ ጠጋ ብለው «ድምፁ አይረብሽም?» ሲሉኝ፣ በአፌ የቀረችው ፈቃድ ያላት ቃል ያችው ስለነበረች «በጣም ደስ የሚል ነው» አልኳቸው። እውነቴን ነበር።

በማግስቱ እማማን፣ አሟቸው ይሆን ብዬ፣ ለምን ወለሉን በከዘራ እንደደበደቡ ጠየቅኳቸው። «ምን ላድርግ ልጄ!» አሉኝ፤ «የሹካና የማንኪያ ድምፅ ብቻ ነው የሚሰማኝ፤ አንድ ሰው እንኳ ‹በሞቴ ብሉ› ሲል አልሰማሁም። በሩን ገርበብ አድርጌ ቁልቁል ባይ ሳህኑ ገና ሳይነካ ተመልሶ ይሄዳል። ሳይለምኑት የሚበላ እንግዳ የት አለ? ልጄን ‹ጋብዞን ጾማችንን ሰደደን› ብለው ሊያሙት ነው። ወይ እናንተ ለምኗቸው፣ ወይ እኔን አውርዱኝ ብዬ ነው ያንኳኳሁት።»

ክቡርነትዎ፣ ልድገምልዎት። በቤትዎ አንድ ወንበር ባዶ ነበር። ሰው ታጣ ተብሎ ጥፍሩ ውስጥ አፈር ያለበት አትክልተኛ ኮት ተደርቦለት ተቀመጠበት። ከዚያው ወንበር ቀጥታ በላይ ደግሞ አንዲት እናት ስለ እርስዎ ስም ተጨንቀው፣ ከዘራ ይዘው ቆመው ነበር።

አራተኛ፦ ዝውውርዎ ደርሷል፣ እንኳን ደስ ያለዎት። ካርቶኖቹም ሊዞሩ ተነስተዋል። የፊታችን ቅዳሜ የስንብት ግብዣ አለ፤ ከዚያ አውሮፕላን ነው፤ ከአውሮፕላኑ በኋላ ሌላ አገር፣ ሌላ ደረጃ፣ ሌላ ላይ ፎቅ ነው። እማማ የሚፈልጉትን ለእርስዎ ስንት ጊዜ እንደነገሩዎት ያውቃሉ፤ እርስዎም ሁልጊዜ «ከግብዣው በኋላ እንነጋገራለን» ይሏቸዋል፣ ግብዣው ግን ግብዣ ይወልዳል። ለእኔ የነገሩኝን ቃል በቃል እነሆ፦ «አንድ ቀን በልጄ ደጅ ቆሜ እንግዳ ልቀበል፤ አንድ ቀን ከማዕዱ ራስ ሆኜ ብሉ ልበል። እሱን ካሳፈርኩት ደግሞ ወደማያፍሩብኝ ጎረቤቶቼ ይመልሰኝ።» ሰላም ለማውረድ ተራራ የሚያቋርጡ ሰው ይህን ያህል ነገር አንድ ደረጃ ወጥተው ቢደራደሩበት መልካም ነበር።

እኔም በበኩሌ ኮቱን እንደገና እንድለካ ተጠርቻለሁ። ቅዳሜ «የመርከብ ባለሀብት» ነኝ አሉ፤ ባሕር አይቼ ባላውቅም ሹመቴ በፍጥነት እያደገ ነው። ሆኖም ሹመቱን በታላቅ ትሕትና አልቀበልም። ኮቱን አጥቤ ተኩሼ ቁም ሣጥንዎ ውስጥ ሰቅዬዋለሁ። ወንበሩ ይታወቃል፣ ባለቤቱም ከነከዘራቸው ይታወቃሉ። ሌላ ባለሀብት አግኝተው ቢያስቀምጡበት ግን፣ ቧንቧው ማንኳኳቱ አይቀርምና፣ እንግዶቹም ምን እንደሆነ መጠየቃቸው አይቀርምና፣ የቤቱ አስተርጓሚ እኔ መሆኔን ከላይ በሁለተኛ ቁጥር እንደጠቀስኩ በአክብሮት አስታውሳለሁ።

አምስተኛ፦ . . . . . . . . . . . . . . . . . . . . . . . . .

በዚሁ ክቡርነትዎን ከሥራዎ ሳላስተጓጉል፣ ዕድሜዎ እንደ ንግግሮችዎ ይርዘምልኝ፣ ጠረጴዛዎ ባዶ ወንበር አይይብኝ፣ የሚሄዱበት አገር ቧንቧም ጸጥ ያለ ይሁንልዎ እያልኩ፣ ከማይነቃነቅ አክብሮት ጋር እሰናበታለሁ።

አትክልተኛዎ፣ አስተርጓሚዎ፣
የቀድሞ የእርሻ ባለሀብት፣
የመርከብ ባለሀብትነቱን በፈቃዱ የለቀቀ፣
በማታ ትምህርት ከክፍሉ አንደኛ
(ፊርማው በብዕር እንጂ በአውራ ጣት አለመሆኑ ይታይልኝ)

ማስታወሻ፦ ደብዳቤውን ከመለጠፌ በፊት ለእማማ አነበብኩላቸው። ቦት ጫማው ላይ ስደርስ እስኪያስላቸው ሳቁ፤ አምስተኛው ቁጥር ላይ ስደርስ ግን ሳቁ ቀረና ከዘራው ተነሳ። እዚያ ላይ በልክዎ የተሰፋች፣ እንቅልፍ አጥቼ የለፋሁባት አንዲት ስድብ ነበረች፤ በሕይወቴ ከጻፍኩት ሁሉ እሷን የሚያህል የለም። «ማሙሽዬን በሰው ፊት እንዳታዋርድብኝ፣ አሁኑኑ አጥፋ!» አሉኝ፤ አጠፋሁ። በምትኩ ማታ ማታ ስለሚበርድ ሹራብ ይልበስ ብለህ ጻፍለት ብለዋል፤ ይኸው እዚህ ጽፌያለሁ። ስለዚህ ክቡርነትዎ በአዳራሹ በር ሲያልፉ ያችን ባዶ ቦታ ቆም ብለው ይመልከቷት፤ በአደባባይ ከመሰደብ ያዳነዎት ያ የውሃ ቧንቧ ነው።