የሱፍ ኮፍያ በሰመራ ሐሩር

ይድረስ ለምወድሽ እናቴ፣ አዋሽ።

አሰላሙ ዐለይኩም። እንደምን ከረምሽ? ጉልበትሽ እንዴት ሆነልሽ? አባዬስ፣ ያ ሳል ተወው? እኛ አልሃምዱሊላህ ደህና ነን። በስልክ ሳልጨርስ ስለምትዘጊብኝ ይህን ጻፍኩልሽ፤ እህቴ ፋሪሃ አንድም ሳታስቀር ታንብብልሽ።

ምራትሽ ዊዳድ ልጃችንን ታጁን የምታሳድገው በብሎግ ነው። ብሎግ ማለት አንዲት አዲስ አበቤ ሹራቧን ደርባ ለእናቶች ሁሉ መመሪያ የምታወጣበት የኢንተርኔት ገጽ ነው። ሴትዮዋ ሰመራን በካርታም አታውቃት! ሕፃን ያለ ኮፍያና ካልሲ አይተኛ አለች፤ ዊዳድም የሱፍ ኮፍያ ደፋችበት። ከጋራዥ በላብ ርሼ ስገባ ልጄ ለደሴ ብርድ ለብሶ ጠበቀኝ፤ አንገቱ ሽፍታ በሽፍታ ሆኗል። ሴትዮዋ ደግሞ ለብቻው ክፍል ይተኛ ትላለች። ያለችን አንዲት ክፍል! እኔ መኪና ሥር ልደር እንዴ? ሲያለቅስም አታንሱት፣ ራሱ ዝም ይላል ብላለች። ጎረቤታችን ኑርሀያት በሩን ደብድባ ገብታ፣ ልጁን ለማን ጥላችሁት ነው፣ ምን ጉዶች ናችሁ ብላ አዘለችው። ወዲያው ዝም አለ።

ታዲያ ታጁን ባለፈው ሰሞን አተኮሰውና ጡት እምቢ አለ። አንቺም እንጥሉ ወርዶ ነው፣ ጋሽ ሙዓዊያን ይዤ መጥቼ አስቆርጥለታለሁ አልሽ። እኔም እሺ ብዬሽ ነበር። ዊዳድ ግን፣ ልጄን ምላጭ አይነካውም፣ ደም አፍስሶ ይገድላል፣ ብሎጉ ላይ ተጽፏል አለችኝ። እኔ ለዚያች ባለ ሹራብ ጆሮ የምሰጥ ሰው አይደለሁም። ጤና ጣቢያ የወሰድኩት ዊዳድን ላሳፍራት ብዬ ነው። ነርሷ ጉሮሮውን አይታ፣ ምላጭ እንዳይነካው ብላ ያንኑ ቃል ደገመችው፤ ጉንፋን ነው ብላ መድኃኒት ሰጠችን፣ ዛሬ ይጠባል። ወላሂ፣ ያቺ ሴትዮ ከቀባጠረችው ሁሉ አንዲቷ እውነት ሆና ልጄን አተረፈችልኝ። አንተንም አስቆርጬህ ይኸው ቆመህ ትሄዳለህ ትይኛለሽ። አብራርስ፣ እማዬ? ወንድሜ የሞተው በተቆረጠ ማግስት አይደለም? አላህ የጻፈለት ቀደሩ ነው ብለን ዝም አልን፤ በታጁ ግን ዝም አልልም።

አንቺ ነይ። ብሎጉ አዝሎ አያስተኛ፣ ገላ አያጥብ፤ በዚህ አንቺን የሚያህል የለም። ዊዳድም እንቅልፍ ካየች ሰንብታለች።

አባዬን እጅ ነስቼ ሰላም ብያለሁ። ፋሪሃን ሳሚልኝ። ጎረቤትሽን አስረሳችንም እንዴት ነሽ በይልኝ። ለጋሽ ሙዓዊያም ሰላምታዬን አድርሺልኝ፤ እዚያው አዋሽ ቁጭ ብለው ይቀበሉኝ። ደጄ ላይ ከነምላጫቸው ካየኋቸው ግን ልጄ ትልቅ ሰው አዋረደ እንዳትይ።

ልጅሽ ጀማሉዲን
ሰመራ፣ ግንቦት 14 ቀን 2017 ዓ.ም.