ዘጠኙ ቅርጫት ለአሥራ ሁለት ሲካፈል

ግንቦት 27 ቀን 1979 ዓ.ም.
ደሴ

ለተከበሩ ጓድ በላቸው፣
የአውራጃው የቅርጫት ኳስ ውጤት አጽዳቂ ኮሚቴ ሊቀ መንበር

የተከበሩ ጓድ ሊቀ መንበር፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጤንነትዎ እንደምን ሰንብቷል እያልሁ፣ የጦሳ ተራራ ብርድ የማይደፍረው ጉልበት፣ የስብሰባ ብዛት የማያደክመው ወገብ፣ እንዲሁም አጨብጫቢ የማይጠፋበት አዳራሽ አላህ እንዲሰጥዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ በበኩሌ ደህና ነኝ፤ ጥቂት የታመምሁት እርስዎ በሰጡኝ ሽልማት ምክንያት ብቻ ነው። ይህን ደብዳቤ በፖስታ አሽጌ ወደ ቢሮዎ መላክ ሲገባኝ በግድግዳ ጋዜጣ ላይ መለጠፌ ድፍረት እንዳይመስልብኝ እለምናለሁ። ኮሚቴዎ የአንድ ሰው ብቻ የሆነ ነገር እንደማይወድ በቅርቡ ስለተማርሁ፣ ደብዳቤዎም የእርስዎ ብቻ ከሚሆን የሁላችን ይሁን ብዬ ነው።

ምናልባት ከተሸላሚዎች ብዛት መልኬን ረስተውት ይሆናልና ራሴን ላስተዋውቅ። ዘይኑልአቢዲን አብዱልሐሚድ እባላለሁ። አያቴ ከየመን በጨርቅ ንግድ መጥተው ደሴ የቀሩ ሰው ናቸው፤ እኔም ቀን በአባቴ ሱቅ ጨርቅ ስለካ ውዬ፣ ወደ ማታ ለደሴ ወጣቶች ቡድን በተከላካይነት የምጫወት የሃያ ሦስት ዓመት ሰው ነኝ። በዚህ ወር መጀመሪያ በተደረገው የአውራጃው የዋንጫ ጨዋታ ከኮምቦልቻ ወዛደሮች ቡድን ጀላል ሰይድ የተባለውን ተጫዋች እንድይዝ የታዘዝሁት እኔ ነበርሁ። ጀላል በዚያ በአንድ ጨዋታ ዘጠኝ ባለ ሦስት ነጥብ አስቆጠረ። ዘጠኙንም ያስቆጠረው በእኔ ላይ ነው። እንዲህ ያለውን ነገር በአደባባይ የምጽፈው መሸነፍ የሚያኮራ ሆኖ ሳይሆን፣ እርስዎ አልሆነም ስላሉ ነው።

ጨዋታውን ለማያውቅ አንባቢ ለማስረዳት ያህል፣ ከቅርጫቱ ስድስት ሜትር ከሩብ ርቆ ከተሠመረው መሥመር ውጭ ሆኖ ያገባ ሰው በሁለት ፈንታ ሦስት ነጥብ ያገኛል የሚለው ደንብ ወደ ከተማችን ከገባ ገና ዓመት አልሞላውም። መሥመሩንም በኖራ ያሠመሩት ኮሚቴዎ ገመድ ይዞ፣ እርስዎም ራስዎ በአካል ተገኝተው «ቀጥ አድርጉት» እያሉ ነበር። ክብ መሥመር ቀጥ እንዲል ማዘዝዎን የሰማ ሁሉ በአመራርዎ ተደንቋል።

ነገሩ የወጣቶች ጨዋታ ብቻ ቢሆን ኖሮ ጊዜዎን ባልወሰድሁ። ነገር ግን በሰኔ ወር አዲስ አበባ ላይ ለሚደረገው ውድድር ለክፍለ ሀገሩ ቡድን የሚመረጥ ተጫዋች፣ የብሔራዊ ውትድርና ጥሪው ውድድሩ እስኪያልቅ ይቆይለታል። እዚያም ጥሩ የተጫወተ እንደሆነ ከዋና ከተማው ቡድኖች በአንዱ ተቀጥሮ ይቀራል። ጀላል ዕድሜው ለጥሪው ደርሷል፤ ስለዚህ ዘጠኙ ቅርጫት በማን ስም ይጻፋል የሚለው ነገር ለእርሱ የመንደር ወሬ አልነበረም። እርስዎ ይህን ያውቁ ነበር። ሳያውቁ አድርገውት ቢሆን ይህን ደብዳቤ በግማሹ ባሳጠርሁት።

እንግዲህ በትሕትና ወደ ቅሬታዎቼ ልለፍ።

አንደኛ። ከጨዋታው በኋላ ባለው ሳምንት አዳራሽ ውስጥ ሰብስበውን፣ መነጽርዎን አስተካክለው፣ የኮሚቴውን ውሳኔ በንባብ አሰሙን። «ቅርጫቱ የቡድኑ ሁሉ ላብ ውጤት ስለሆነ በአንድ ግለሰብ ስም መመዝገብ የግለኝነትን ዝንባሌ ያበረታታል» ካሉ በኋላ፣ ዘጠኙ ቅርጫት ለቡድኑ አሥራ ሁለት አባላት በእኩል እንደተከፋፈለ አበሠሩን። እኔ ጆሮዬን ማመን አቃተኝ። ከኋላዬ የነበረ ሰው ግን ወዲያው ገባው፤ ውጤት መዝጋቢ አድርገው የሾሙት ጓድ በመደበኛ ሥራው የቀበሌ ሱቅ ስኳር አከፋፋይ መሆኑን አስታወሰኝ። እውነትም ስኳር ሲመጣ ለነፍስ ወከፍ ያካፍላል፤ ቅርጫት ሲመጣም ያው ልማዱ ነውና አካፈለ። በዚህ ስሌት እያንዳንዱ የኮምቦልቻ ተጫዋች የአንድ ቅርጫት ሦስት አራተኛ አገባ ማለት ነው። የአንድ ቅርጫት ሦስት አራተኛ እንዴት እንደሚገባ፣ የቀረው ሩብ ከቀለበቱ ውጭ ተንጠልጥሎ ይቅር አይቅር፣ ኮሚቴዎ አላብራራም። ይልቁንም እጅግ የነካኝ ወልደ ሚካኤል የተባለው የኮምቦልቻ ተጫዋች ነገር ነው። ይህ ሰው በጨዋታው ዕለት ትርፍ አንጀቱን በኦፕራሲዮን አስወጥቶ ሆስፒታል ተኝቶ ነበር። በኮሚቴዎ ውሳኔ ግን ከአልጋው ሳይነሣ፣ ስፌቱ ሳይደርቅ፣ ከጀላል ጋር እኩል አስቆጥሯል። ሊጠይቁት የሄዱ ጓደኞቹ ይህን ሲነግሩት እንዳይስቅ ሐኪሙ ከለከለው አሉ።

ሁለተኛ። በጥር ወር የእርስዎ የመሥሪያ ቤት ቡድን ተጫዋችና የባለቤትዎ ወንድም የሆነው ፈንታሁን በአንድ ጨዋታ አምስት ባለ ሦስት ነጥብ ሲያስቆጥር፣ አምስቱም በራሱ ስም ተመዝግበው «የአውራጃው ክብረ ወሰን» ተብሎ በቢሮዎ በር ላይ ተለጠፈ። እስከ ዛሬም አለ፤ ዛሬ ጧት አልፌ አየሁት። ፈንታሁን ጎበዝ ልጅ ነው፣ አምስቱንም በትክክል አግብቷል፣ እርሱን አልከስም። የገረመኝ ግለኝነት የሚባለው በሽታ አምስት ላይ ሳይዝ ዘጠኝ ላይ የሚይዝ መሆኑ ነው። እንግዲህ ሦስት አራተኛ ያገባው ጀላል አምስት ያገባውን ፈንታሁንን እንዴት ይደርስበታል? አዲስ አበባ የሚሄደውም ፈንታሁን ሆነ። ዓይን ያወጣ ነገር ሲሠራ ብዙ አይቻለሁ፤ ዓይን አውጥቶ በጭብጨባ የታጀበ ግን ይህ የመጀመሪያዬ ነው፣ ስላሳዩኝም አመሰግናለሁ።

ወደ ሦስተኛው ከመሄዴ በፊት ስለ ጨዋታው ጥቂት ላስታውስዎ። በእርግጥ ከፊት ወንበር ላይ ተቀምጠው ነበር፤ ነገር ግን ከአጠገብዎ ካሉት እንግዶች ጋር ብዙ ይጨዋወቱ ስለነበር ሳያመልጥዎ አይቀርም። ጀላል የመጀመሪያውን ሲያገባ ዕድል ነው ብዬ ናቅሁት። ሁለተኛውን ሲያገባ ነፋሱን ረገምሁ። ሦስተኛው ላይ እጄን ከፊቱ ዘረጋሁ፤ ኳሷ ከጣቶቼ በላይ አልፋ ቀለበቱን እንኳ ሳትነካ ገባች። ከአምስተኛው በኋላ አሠልጣኛችን ሌላ ሰው ጨመረልኝና ለሁለት ያዝነው፤ እርሱም አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሸሽቶ በሁለታችን ራስ ላይ ወረወረ። ሰባተኛው ላይ የገዛ ከተማዬ ሕዝብ ለእርሱ ማጨብጨብ ጀመረ። ዘጠነኛው ሲገባ፣ አልዋሽዎትም፣ በኀፍረት መሬት መሬቱን እያየሁ ሳለ ፈገግ አልሁ፤ እንዲህ ያለ ነገር ከቅርብ ማየት ለሁሉ ሰው አይደርስምና። ፊሽካው ሲነፋ ጀላል መጥቶ ትከሻዬን ያዘና «አብሽር ዘይኑ፣ ዛሬ እጄ እንቢ አላለኝም፤ ያንተ ጥፋት አይደለም» አለኝ። ያሸነፈን ቡድን ተጫዋች ያጽናናኝ መሆኑን ልብ ይበሉልኝ።

ይህ ሰው ያደገው ደጋን በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። እዚያ ከአውራ ጎዳናው ዳር ባለ ጋራዥ ግድግዳ ላይ ልጆች የበርሜል ቀለበት ሰቅለው ይጫወቱ ነበር። ከቀለበቱ ሥር ግን መካኒኮች ከመኪና ሆድ ሥር የሚሠሩበት ጉድጓድ ስላለ፣ መቅረብ የሚባል ነገር አልነበረም። የሚወረውር ሁሉ ከጉድጓዱ ማዶ ሆኖ ይወረውራል፤ የሳተም ኳሱን ከተቃጠለ ዘይት ውስጥ ያወጣል፣ ቤቱ ሲገባም ለልብሱ ይገረፋል። አሁን ኮምቦልቻ መጋዘን ውስጥ ጆንያ ሲሸከም ውሎ ማታ ይለማመዳል። እርስዎ በኖራ ያሠመሩት መሥመር ለእኛ አዲስ ነበር፤ ለጀላል ግን የልጅነት ጨዋታው ነው።

ሦስተኛ። አሁን ወደ ራሴ ሽልማት ልምጣ። ዘጠኙ ቅርጫት ከተከፋፈለ በኋላ ኮሚቴዎ ስሌቱን ቀጥሎ፣ በዋንጫው ጨዋታ ከመሥመሩ ውጭ በእኔ ላይ ሙሉ ቅርጫት ያስቆጠረ አንድም የኮምቦልቻ ተጫዋች እንደሌለ ደረሰበት። በዚህም መሠረት የውድድሩ ምርጥ ተከላካይ እኔ ሆንሁ፤ የምስክር ወረቀት ከማኅተም ጋር፣ ከዚያም አልፎ በክፍለ ሀገሩ ቡድን ውስጥ ቦታ ተሰጠኝ። ወረቀቱን ይዤ ቤት ስገባ እናቴ መርየም ከላይ እስከ ታች አየችኝና «አጃኢብ ነው ልጄ። እኔ እዚያው ተቀምጬ አልነበረም እንዴ? ያ የኮምቦልቻ ልጅ ሲያንከራትትህ አይደል የዋለው? ይኸ ወረቀት ማጽናኛ ነው ወይስ ሊቀልዱብህ ነው?» አለችኝ። ኮሚቴዎ ለእናቴ የሚሆን ማብራሪያ ካለው በደስታ አደርሳለሁ፤ ከእርሷ ጋር ለመከራከር ግን ራስዎ ቢመጡ ይሻላል።

አራተኛ ቅሬታ ነበረኝ፤ ስለ ዋንጫው ማቅረቢያ ንግግርዎ ርዝመት ነበር። ይቅር ብዬዋለሁ።

እንግዲህ ልመናዬ ቀላል ነው። ዘጠኙ ቅርጫት ሁሉ በጀላል ሰይድ ስም፣ የተቆጠረበትም ሰው ዘይኑልአቢዲን አብዱልሐሚድ መሆኑ ከጎኑ ይጻፍልኝ። ትርፍ ቤታችን በዐዋጅ ሲወሰድ ቤተ ሰቤ ዝም ብሏል፤ ሕግ ነውና። ሽንፈቴ ግን ትርፍ አይደለችም፣ ያለችኝ እርሷው ናት፣ ሙሉዋን ትመለስልኝ። በምርጥ ተከላካይነት ያገኘሁትንም ቦታ ለጀላል ለቅቄያለሁ። ባለፈው ዓርብ ይህንኑ በቃል ለማመልከት ቢሮዎ መጥቼ ነበር፤ ጸሐፊዎ ጓድ «ቦታ ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም» ብለው መለሱኝ። ቅርጫት ከሰው ወደ ሰው ተላልፎ ሆስፒታል ድረስ ሲሄድ ቦታ ግን ከደሴ ኮምቦልቻ መድረስ አለመቻሉን ስሰማ፣ ምስጢሩ ከእኔ ዕውቀት በላይ መሆኑን አምኜ በሰላም ወጣሁ።

ቢሆንም ለቅቄያለሁ። ቦታውን ስለቅ ጥሪው ወደ እኔም ሊመጣ እንደሚችል ዐውቃለሁ፤ እፈራለሁም፣ መፍራቴን አልደብቅም። ነገር ግን አዲስ አበባ ሄጄ በምርጥ ተከላካይነት ስሜ ሲጠራ፣ ያንን ወንድሜን ጀላልን እያሰብሁ ከሰልፉ መቆም አልችልም። ለጀላል ይህን ስነግረው ተቆጣኝ። «ተወው ዘይኑ፣ ወላሂ እኔ ቆጥሬ አልወረወርሁም» አለ። እርሱ አልቆጠረም፤ እኔ ግን በፊቴ ላይ ያለፉትን ቆጥሬያለሁ፣ እናቴም ቆጥራለች፣ በሜዳው ዙሪያ የነበረው ሕዝብም ቆጥሯል። መቁጠር ያልቻለው ለመቁጠር የተሾመው ኮሚቴዎ ብቻ ነው።

የተከበሩ ጓድ ሊቀ መንበር ሆይ፣ ይህን ያህል ስለታገሡኝ፣ ሆስፒታል የተኛን ሰው ላስቆጠሩበት ጥበብዎ፣ የተሸነፈን ሰው ለሸለሙበት ቸርነትዎ፣ እንዲሁም የባለቤትዎን ቤተ ሰብ ከበሽታ ሁሉ ለሚጠብቁበት ጥንቃቄ ምስጋናዬ ወሰን የለውም። ዕድሜዎ ረዥም ሆኖ፣ አንድ ቀን እርስዎም ብቻዎን ለፍተው ያገኙት ነገር ኖሮዎት፣ እንዲህ ያለ ኮሚቴ እንዲያጸድቅልዎ ዱዓ እያደረግሁ እሰናበታለሁ።

በተከፋፈለ ሽንፈትና ባልተከፋፈለ አክብሮት፣
ዘይኑልአቢዲን አብዱልሐሚድ
የቀድሞው ምርጥ ተከላካይ

ተጨማሪ ማስታወሻ፣ ይህን ጽፌ ከፈረምሁ በኋላ የሐረጎን ተራራ ተሻግሬ ኮምቦልቻ ወርጄ ነበር። የጀላል የብሔራዊ ውትድርና ጥሪ ትናንት ከቀበሌው ደርሶታል፤ ሰኞ ይሄዳል። ወረቀቱን አሳየኝ። ስሙ ከነአባቱና ከነአያቱ፣ ያለ አንዳች ስሕተት፣ ብቻውን ተጽፏል። ገልብጬ የቀሩትን አሥራ አንድ ሰዎች ከጀርባው ፈለግሁ፤ የሉም። የአንድ ቅርጫት ሦስት አራተኛ ላገባ ሰው ሙሉ ጥሪ እንዴት እንደደረሰው ኮሚቴዎ ስሌቱን በጽሑፍ እንዲሰጠኝ እለምናለሁ፤ እናቱ ጣይባ ማንበብ ስለማይችሉ የማነብላቸው እኔ ነኝ።