ጥሩንባ ሁለት ጊዜ የተነፋላቸው የተዋናይ ቀናው ዘአማኑኤል የሕይወት ታሪክ

አቶ ቀናው ዘአማኑኤል ከምድር ባቡር ሠራተኛው ከአባታቸው ከአቶ ዘአማኑኤል ወልደሰንበትና ከእናታቸው ከወ/ሮ በላይነሽ ተሰማ ጥቅምት 12 ቀን 1952 ዓ.ም. በአቃቂ በሰቃ ተወለዱ። በአካባቢያቸው ትምህርት ቤት እስከ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ተምረዋል። በሒሳብ ጉብዝና የሚታሙ አልነበሩም፤ የመምህራንን አረማመድ በማስመሰል ግን የሚስተካከላቸው አልነበረም።

በ1971 ዓ.ም. በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ተቀጥረው በሠራተኞች የኪነት ቡድን መድረክ ለመዱ። በ1979 ዓ.ም. ከወ/ሮ አሰጋሽ ኃይሌ ጋር በሥርዓተ ተክሊል ተጋብተው ልጆቻቸውን እምነትንና ፍቅርተማርያምን ወልደዋል።

ከመንግሥት ለውጥ በኋላ በግል የሚሠሩ ፊልሞች ሲበራከቱ አቶ ቀናው ቦታቸውን አገኙ። በአሥራ አንድ አስፈሪ ፊልሞች ጭራቅ፣ መንፈስና ሬሳ ሆነው ተጫውተዋል፤ በዘጠኙ ሞተዋል። ለዚህ የበቁት በመልካቸው ነው የሚል ካለ ተሳስቷል። ትንፋሻቸውን ይዘው፣ ዝንብ እንኳ ቢያርፍባቸው ሳይነቃነቁ መቆየት ለዓመታት የተለማመዱት ሙያ ነው። ዋናውን ገጸ ባሕርይ አንድም ቀን አልተጫወቱም፤ ተመልካች ሲወጣ የሚያወራው ግን ስለ እርሳቸው ነበር።

በ1996 ዓ.ም. ለአንድ ፊልም ሬሳ ሆነው እንዲነሡ ተመረጡ። ቀረጻው በገዛ ግቢያቸው ስለነበር የእድሩን ድንኳን አስተከሉ፤ የእድሩን ጥሩንባ ነፊ አቶ ፀሐዩንም በንጋት አስነፉ። ለጎረቤት መንገር ግን ረሱ። ሰው ጥሩንባውን ሰምቶ፣ ድንኳኑን አይቶ ደረሰ። ይህን የምትጽፈው ታናሽ እህታቸው መሰለችም ከሳሪስ አቦ ነጠላዋን አዘቅዝቃ እያለቀሰች መጣች። አቶ ቀናው ወዲያው መነሣት ሲገባቸው የሰዉን ለቅሶ እያዳመጡ ተኝተው ቆዩ። ሲነሡ ግማሹ ሰው ሸሸ፣ ግማሹ ረገማቸው። እህታቸውም ከረገሙት አንዷ ነበረች።

እድሩ በሞት ቀልደዋል ብሎ ከአባልነት ሰረዛቸው፤ ሲሞቱም ጥሩንባ እንዳይነፋላቸው ወሰነ። እድርተኛ ይቅበረኝ ብሎ ለኖረ ሰው ከዚህ የከፋ ቅጣት የለም። የፊልሙ አዘጋጅ አብርሽ ግን ለቅሶው ተቀርጾ ስለቀረለት ደስታውን አልቻለውም። አቶ ቀናው ያ እንባ ትወና አይደለም፣ ከፊልሙ ካልወጣ ቀሪውን አልሠራም ብለው አስቆረጡት። ፊልሙ ምርጥ ትዕይንቱን አጣ፤ እርሳቸውም ለሦስት ዓመት የጠራቸው አዘጋጅ አልነበረም።

በእነዚያ ዓመታት አባል ባይሆኑም ከእድሩ ቀብር አንድም አልቀሩም። ጉድጓድ ቆፈሩ፣ ድንኳን ተከሉ፣ ሐዘንተኛ ደግፈው ቆሙ። በ2000 ዓ.ም. በእድሩ ስብሰባ ፊት ቀርበው እንዲህ አሉ፦ «እንዴት እንደምታለቅሱልኝ ሰምቻለሁ። ከዚያ ቀን ወዲህ የምለፋው ለዚያ ለቅሶ የምበቃ ሰው ለመሆን ነው።» እድሩም ቅጣቱን አንሥቶ በሙሉ ድምፅ ወደ አባልነት መለሳቸው። እስከ ዕለተ ሞታቸው የድንኳኑ ኃላፊ ነበሩ፤ ሦስት ተጨማሪ ፊልሞችም ሠርተዋል።

በኩላሊት ሕመም በሕክምና ሲረዱ ቆይተው ሰኞ የካቲት 6 ቀን 2009 ዓ.ም. ማምሻውን በተወለዱ በ57 ዓመታቸው ዐረፉ። ማክሰኞ ንጋት አቶ ፀሐዩ ጥሩንባቸውን ይዘው መጡ፤ ዐይቼ ካላረጋገጥሁ አልነፋም አሉ። ገብተው የሟቹን ፊት ገለጡና «ቀናው፣ እንግዲህ ተነሥ» ብለው ጥቂት ጠበቁ። ከዚያ መልሰው ሸፈኗቸው፤ ወጥተውም ነፉ። ሰፈሩ እንደዚያን ጊዜው ነቅሎ ወጣ። እህታቸው በመጀመሪያው ለቅሶ የረገመችውን እርግማን ዛሬ በዚህ ጉባኤ ፊት አንስታለች።

አቶ ቀናው ባለቤታቸውን፣ ሁለት ልጆቻቸውንና አንዲት እህታቸውን ትተው አልፈዋል። በትጋት ያገኙትን ለቅሶ እያለቀስንላቸው ነው። እግዚአብሔር ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ ጋር ያሳርፍልን፤ በእውነተኛው ትንሣኤም ያስነሣቸው። ያን ቀን ሲነሡ ከእኛ የሚሸሽ የለም።