ብርሃን የሚሞከርበት ወንበር

ወንድሜ፣ እንዴት ከረምክ? ባለቤትህን ስኳሩ ተሻላት? ሴቶች ልጆችህስ? እኔ ጌታ ይመስገን ደህና ነኝ፤ የቶተንሃም ብርድ ብቻ ጣቴን ያስቸግረኛል። በገዛ እጄ ስጽፍልህ ይህ የመጀመሪያዬ ነው። ጽሕፈቱ ቢንጋደድ አትሳቅ። አንተ ትምህርት ቤት ስትሄድ እኔ ውሃ ስቀዳ ነበር፤ ፊደል የቆጠርኩት በስልሳ አንድ ዓመቴ፣ ቤተ ክርስቲያናችን ምድር ቤት ነው።

ዮአኪም ስለሚባለው ጀርመናዊ ፊልም ሠሪ በስልክ ነግሬህ ነበር። ሼፈርድስ ቡሽ ያለውን ፊልም የሚሠራበትን ቤቱን ላጸዳ ገብቼ፣ አንድ ቀን ተዋናይዋ ብትዘገይበት ወንበሯ ላይ አስቀመጠኝ፤ ብርሃኑን በእኔ ፊት ላይ ሊሞክር። እንደዚያው ዘጠኝ ፊልም ሠራን። ትልልቅ ኩባንያዎች ሲጠሩት አይሄድም፤ እነሱ ዘንድ ብርሃኑን የሚወስነው ሌላ ሰው ነው ይላል። መስኮት ላይ ነጭ አንሶላ ሰቅሎ ፀሐይ ይጠብቃል። የለንደንን ፀሐይ ደግሞ ታውቃታለህ። ሌሎች የእኛን ፊት ሲቀርጹ ከሰል ያስመስሉታል፤ በእሱ ፊልም ግን ደማችን ይታያል። ይህን ከእኔ እንደተማረ በሰው ፊት ተናግሯል።

ባለፈው ወር አዲሱ ፊልም ሲታይ የቤተ ክርስቲያናችንን ዘውዲን ይዣት ሄድኩ። ሲኒማ የሰይጣን ደጅ ነው የምትለዋ፣ ፈንዲሻዋን ይዛ ዓይኗን ሳትነቅል አየች። ሲያልቅ ሰው ሊወጣ ተነሣ። እሷን እጇን ይዤ አስቀመጥኳት። የሠራተኞቹ ስም ሲያልፍ የእኔም መጣ፤ ዮአኪም አንቺው ጻፊው ብሎ ወረቀት ሰጥቶኝ፣ የእጄን ጽሕፈት እንዳለ ነው ያስገባው። «የአክሊሉ እናት» ይላል። ከእኔ ሌላ ከአዳራሹ ሁሉ አማርኛውን ማንበብ የቻለችው ዘውዲ ብቻ ናት። ዞር ብላ፣ «ልጅ አለሽ እንዴ?» አለችኝ።

«አለኝ» አልኳት።

ያኔ እንደመጣሁ፣ አንተ እዚህ ለትምህርት ሳለህ፣ ክሮይደን የስደተኞች ቢሮ ወስደህ ፎርም የሞላህልኝ አንተ ነህ። በኋላ አክሊሉን ለማምጣት አፕላይ ሳደርግ፣ ልጅ የለኝም ብለሽ ነበር ብለው መለሱኝ። ስህተቱ የእነሱ ነው አልከኝ፤ አመንኩህ። ዘንድሮ ኤቢሲዲውንም ለመድኩና የፎርሙን ኮፒ አውጥቼ ራሴ አነበብኩት፤ ልጅ የላትም የሚለው የአንተ እጅ ጽሕፈት ነው። ከዚህ በላይ አልጽፍም።

በሚመጣው ወር ፊልሙ አዲስ አበባ ይታያል። ዮአኪም ራሱ ይመጣል፤ ለአክሊሉም የጥሪ ካርድ ልኮለታል። ልጁ በስድስት ዓመቱ የተለየሁት፣ አንተን አባባ እያለ ያደገ፣ እኔ ስደውል ስልክ የማያነሳ ነው። ይዘኸው ሂድ። መብራት በርቶ ሰው ሲነሣ አንተ እንዳትነሣ፤ ስሙን እስኪያነብ አብረኸው ተቀመጥ። ከጠየቀህ መልሱ አንተ ዘንድ ነው።

ጌታ ዕድሜህን ያርዝመው፤ የወለድካቸውንም ያሳደግከውንም ይባርክልህ።

ታላቅ እህትህ