ሐዘኑ ሳይወጣ የመጣው አልበም

አያልነህ የኔ ዓለም፣

ከተለየኸኝ ወዲህ ገብሱ ታጭዶ፣ ተወቅቶ ጎተራ ገባ፤ አሁን ደግሞ መሬቱ ለዘር እየታረሰ ነው። ሙት ዓመትህ ግን ገና ነው።

ቤቱ ደህና ነው ልበልህ? አይደለም። መካነ ኢየሱስ ከተማ፣ መናኸሪያው አጠገብ ለሰው ስልክ ዘፈን የምትጭንባት ሱቅህ ተዘግታለች። ኮምፒውተርህን ወደ ቤት አምጥቼዋለሁ።

ለሰው ያገኘኸውን ትጭናለህ፤ የዚያች ዘፋኝህን ግን ለራስህ ፍላክ በምትለው የፋይል ዓይነት፣ ከድምፁ ምንም ባልተቀነሰበት ነበር የምትሰበስበው። በክራር ከጀመረችበት አንስቶ አልበም በአልበም ስትለዋወጥ ተከተልካት። ክራሩን ትታ በኪቦርድ ስትመጣ ሰው ሁሉ ተበላሸች ሲል፣ አንተ አደገች እንጂ ብለህ ሙግት ገጠምክ። እኔማ ጣውንቴ እያልኩ እስቅብህ ነበር።

ይኸውልህ፣ አዲስ አልበም አወጣች። ልጃችን ትዕግስት ከደብረ ታቦር በፍላሽ ይዛልህ መጣች። ከሌሎቹ ጋር ላስቀምጠው አልኩ። ግን አንተ ሳታዳምጥ መቼ ታስቀምጥ ነበር? ስሙን ፍላክ ብለው ተጨምቆ ድምፁ የተቀነሰውን ይሰጡሻል፤ ዘፋኟ ከመጀመሯ በፊት ትንፋሿን ስትስብ ካልሰማሽ ውሸት ነው ትለኝ ነበር። እኔ ደግሞ ጥቁር ለብሻለሁ። በሐዘን ቤት ዘፈን! ጎረቤታችን እትዬ ዘውዴ ብትሰማ፣ አፈሩ ሳይደርቅ ጨፈረች ብላ አገር ታዳርሰዋለች። የንስሐ አባታችንን ባማክራቸው፣ ይህን እንኳ እኔን አትጠይቂኝ ብለው መስቀል አሳልመውኝ ሄዱ።

ምን ላድርግ፣ ሥራህ ጎዶሎ ሆኖ ሲቀር አላስቻለኝም። በሩን ዘግቼ፣ ማዳመጫህን ጆሮዬ ላይ አድርጌ፣ ከነጥቁር ነጠላዬ ተቀመጥኩ።

ትንፋሿ ተሰማ። እውነተኛው ነው፣ አያልነህ! ደስ ብሎኝ፣ መጣልህ ልልህ ዞር አልኩ። ወንበርህ ባዶ ነው። ያን ቀን ለቅሶህ ላይ ያላለቀስኩትን አለቀስኩ።

የሷን ከልጅነቷ እስከ ዛሬ፣ እስትንፋሷ ሳይቀር አስቀምጠሃል። ያንተን ድምፅ ግን አንድም ቦታ ብፈልግ አጣሁ። ማን ይቅዳህ? ቀጂው አንተ ነበርክ።

ሰው ሁሉ ውባለም ይለኛል፤ ውቤ የምትለኝ አንተ ብቻ ነበርክ፣ መጨረሻዋን ሳብ አድርገህ። ያቺ አጠራርህ እንዳትጠፋብኝ እህል ስለቅምም፣ ውሃ ስቀዳም ለራሴ እላታለሁ። አንተ ዘንድ እስክመጣ ድረስ አልተዋትም።

ውቤህ