ጋሽ ብሎን እና የጠፋው መዝገብ

አባታችን በ1942 ዓ.ም. ከልብስ ሰፊ አባታቸውና ከአዋላጅ እናታቸው ተወለዱ። ያገኙትን ዕቃ ሁሉ እየፈቱ ኪሳቸውን በብሎን ስለሚሞሉ ገና በልጅነታቸው "ብሎን" ተባሉ፤ ሲያድጉም "ጋሽ ብሎን" ሆኖ ቀረ።

የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን ጨርሰው በ1961 ዓ.ም. በአንድ ሆስፒታል የጽሕፈት መኪና ጠጋኝ ሆነው ተቀጠሩ። በ1972 ዓ.ም. ትዳር መሥርተው ሦስት ሴቶች ልጆች አፈሩ።

በ1982 ዓ.ም. የጽሕፈት መኪኖቹ መጋዘን ሲገቡ፣ እሳቸው በአርባ ዓመታቸው ወደ ኮምፒውተር ክፍል ተዛወሩ። የክፍሉ ኃላፊ የሃያ ሁለት ዓመት ወይዘሪት ነበሩ። በዕድሜ ልጃቸው በሚሆኑ ሰው ፊት "አልገባኝም" ማለት ለአባታችን ሞት ነበር፤ ስለዚህ ያልገባቸውንም እንደገባው ሰው ራሳቸውን እየነቀነቁ አለፉት።

በዓመቱ ባለቤታቸው በድንገት አረፉ። ቤት ውስጥ ግን ኩራት የሚባል አያውቁም ነበር። ጎረቤት ጠይቀው ጸጉር መሥራት ተማሩ፤ የመጀመሪያው ሰሞን ሦስታችንም ዶሮ የጫረችን መስለን ትምህርት ቤት ሄደናል።

በ1985 ዓ.ም. የሕሙማኑን መዝገብ ወደ መጠባበቂያ ቴፕ ሊገለብጡ ሲሉ፣ የትኛው ቅጂ አሮጌ፣ የትኛው አዲስ እንደሆነ ተጠራጠሩ። ኃላፊዋ ሁለት ወንበር አልፈው ተቀምጠው ነበር። አልጠየቋቸውም። የአምናውን በዘንድሮው ላይ ገለበጡት፤ የአራት ወር መዝገብ ጠፋ፤ ሕሙማን ለምርመራ እንደገና ተሰለፉ። ማን እንዳጠፋ ስላልታወቀ ኃላፊዋ ከሥራ ተባረሩ። አባታችን ትንፍሽ አላሉም። ብቻቸውን ሦስት ልጅ ያሳድጉ ነበር፤ ኋላ ነገሩን ሲናዘዙ ግን ሰበብ አላደረጉትም።

ከዚያ ወዲያ ሳይጠይቁ አንድ ቁልፍ ነክተው አያውቁም፤ ጀማሪዎቹ ይስቁባቸው ነበር። በ2002 ዓ.ም. ጡረታ ሲወጡ የተሰጣቸውን የምስጋና ወረቀት ግድግዳ ላይ ሳይሰቅሉት ኖሩ።

አምና ኩላሊታቸውን ታመው አልጋ ሲይዙ፣ ነገሩን ለትልቋ ልጃቸው አወጡት። "ፈልጊና አምጪልኝ፤ ዓይን ዓይኗን እያየሁ ይቅርታ ልበላት" አሏት። እሷም "አባባ፣ የሞተ ነገር ባይቀሰቅሱስ? ሰው ምን ይለናል?" አለች። ዛሬ ነገ እያለች አምስት ወር አሳለፈች። ይህን የጻፈችው ያቺው ልጅ ናት፤ አንገቷን ደፍታ ነው የጻፈችው።

አባታችን ጥር 9 ቀን 2016 ዓ.ም. በ74 ዓመታቸው አረፉ። ሦስት ልጆችና አምስት የልጅ ልጆች ተክተዋል።

ኃላፊዋን የፈለግናቸው መርዶውን ልንነግራቸው ነው። በአንድ ስልክ ተገኙ። ዛሬም ከመካከላችን ተቀምጠዋል። እሜቴ፣ መዝገቡን ያጠፉት አባታችን ናቸው፤ እርስዎ አይደሉም። ይኸው ሰው ሁሉ ይስማ።

ፈጣሪ ነፍሳቸውን ያሳርፍልን። እርስዎም፣ ከሆነልዎ፣ ይቅር ይበሏቸው። ያዘገየችውን ልጃቸውን ይቅር ለማለት ግን አይቸኩሉ።